ባዶውን የማር እንጀራ ማን ይጠብቀው?

በአገራችን ስለ ንብ እርባታ ሲወራ ብዙውን ጊዜ የሚቆጠረው ቀፎ ነው። ይህን ያህል ዘመናዊ ቀፎ ተሠራጨ፣ ይህን ያህል ወጣት ተደራጀ፣ ይህን ያህል ኪሎ ግራም ማር ተመረተ ይባላል። ማሩ ከወጣ በኋላ በፍሬሙ ላይ የቀረው ባዶ እንጀራ የት እንደ ገባ ግን የሚናገርም የሚጠይቅም እምብዛም አይገኝም። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ይህን የተዘነጋ ጉዳይ ለውይይት ማቅረብ ነው።

ሐሳቤን ከመነሻው በግልጽ ላስቀምጥ። የዘመናዊ ቀፎ ትልቁ ጥቅም ንቦች አንድ ጊዜ የሠሩት እንጀራ ለተከታታይ ዓመታት እየተመላለሰ ማገልገሉ ነው። ስለዚህ እንጀራውን ከአንዱ የማር ወቅት ወደሚቀጥለው በደኅና ማሻገር ያልቻለ አናቢ፣ በብዙ ብር የገዛው ቀፎ ከባህላዊው የሚለይበትን ዋና ምክንያት አጥቷል። ይህ በየትኛውም ስፍራ እውነት ነው፤ በወረታ ከተማ ዙሪያና በፎገራ ሜዳ ላይ ግን ይበልጥ ይከብዳል። ለምን እንደሚከብድ ለመረዳት በመጀመሪያ የእንጀራውን ዋጋ፣ ቀጥሎም የጠላቱን ማንነት ማወቅ ያስፈልጋል።

የእንጀራው ዋጋ

ንቦች ሰምን እንደ አበባ ዱቄት ከሜዳ ለቅመው አያመጡትም። ሰም በወጣት ሠራተኛ ንቦች ሆድ ሥር ከሚገኙ አራት ጥንድ ዕጢዎች እንደ ስስ ቅርፊት ሆኖ የሚወጣ የሰውነት ውጤት ነው። ለዕጢዎቹ ጥሬ ዕቃ የሚሆነውም ራሱ ማሩ ነው። የተመራማሪዎች ግምት እንደ ሁኔታው የሚለያይ ቢሆንም፣ በንብ እርባታ መጻሕፍት ተደጋግሞ የሚገኘው ስሌት አንድ ኪሎ ግራም ሰም ለማመንጨት ንቦች ከ6 እስከ 8 ኪሎ ግራም ማር ይመገባሉ የሚል ነው።

ይህን ወደ ቀፏችን እናምጣው። ርዝመቱ 37፣ ቁመቱ 22.5 ሴንቲ ሜትር የሆነ አንድ አዲስ እንጀራ 40 ግራም ያህል ሰም ብቻ ፈጅቶ 2 ኪሎ ግራም ያህል ማር ይይዛል። በአገራችን በስፋት የሚታወቀው የዛንደር ቀፎ ፍሬም ከዚህ ልክ ብዙም አይርቅም። አንድ የማር ሣጥን 10 ፍሬም ቢይዝ በውስጡ ያለው እንጀራ 400 ግራም ያህል ሰም ነው፤ በንቦቹ ሒሳብ ደግሞ ከ2.4 እስከ 3.2 ኪሎ ግራም ማር ማለት ነው። ለምሳሌ ያህል፣ 50 ቀፎ ያለው አንድ የወጣቶች ማኅበር የማር ሣጥኖቹን እንጀራ ሁሉ ቢያጣ፣ የጠፋው ሰም 20 ኪሎ ግራም ይሆናል፤ ንቦቹም ያንን ለመተካት ከ120 እስከ 160 ኪሎ ግራም ማር ይመገባሉ። የታተመ ሰም ገዝቶ በፍሬሙ ላይ በማጣበቅ የንቦቹን ድካም ማቃለል ይቻላል፤ ነገር ግን ያ ሰም በነጻ አይገኝም።

ከማሩም በላይ የሚባክን አንድ ነገር አለ፤ እርሱም ጊዜ ነው። በፎገራ ሜዳና በዙሪያው ባሉ ኮረብቶች ዋናው የአበባ ወቅት ክረምቱ ሲወጣ የሚመጣ ነው። አደይ አበባ፣ መጭ፣ ማገጥ፣ ኑግ ሁሉም ከመስከረም እስከ ኅዳር ባሉት ጥቂት ሳምንታት ተከታትለው ይፈካሉ። በእነዚህ ሳምንታት የተዘጋጀ እንጀራ ያገኘ ኅብረ ንብ ከመጀመሪያዋ ቀን ጀምሮ ማር ማጠራቀም ይጀምራል። ባዶ ፍሬም የተሰጠው ኅብረ ንብ ግን ወቅቱን የሚጀምረው በግንባታ ነው፤ ጎተራውን ሠርቶ ሲጨርስ አዝመራው ያልፍበታል።

የዘመናዊ ንብ እርባታ ታሪክም በአብዛኛው ይህን ጎተራ ከመፍረስ የማዳን ታሪክ ነው። አሜሪካዊው ሎሬንዞ ላንግስትሮዝ እ.ኤ.አ. በ1851 ንቦች ለመተላለፊያ ብለው ሳይዘጉ የሚተዉትን ክፍተት በሥራ ላይ በማዋል እንጀራው ሳይሰበር የሚወጣበትን የፍሬም ቀፎ ሠራ። ጀርመናዊው ዮሐንስ ሜሪንግ እ.ኤ.አ. በ1857 የታተመ ሰም ማዘጋጃ ፈለሰፈ። እ.ኤ.አ. በ1865 ደግሞ ፍራንዝ ፎን ሩሽካ የተባለ የኦስትሪያ ጦር መኮንን፣ ፍሬሙን እያሽከረከረ ማሩን ብቻ የሚያወጣ መሣሪያ ይፋ አደረገ። ሦስቱ ፈጠራዎች አንድ ላይ ሲሠሩ እንጀራው ማሩን አስረክቦ እንደ ቆመ ይቀራል። በባህላዊ ቀፎ ግን ማር የሚቆረጠው ከነእንጀራው ነው፤ ሰሙም ከጠጅ ቤት ሰፈፍ ሆኖ ይወጣል። እኛ የመጀመሪያውን መንገድ መርጠን ዘመናዊውን ቀፎ ከገዛን በኋላ፣ ማሩን በመሣሪያ አውጥተን እንጀራውን በማዳበሪያ ከረጢት ጠቅልለን ጓዳ ጥግ ብንጥለው፣ የሦስቱን ፈጠራዎች ፍሬ በገዛ እጃችን እንጥላለን። የፎገራ ገበሬ ጎተራው ባዶ ሆነ ብሎ አያፈርሰውም። የንብም ጎተራ ከዚህ የተለየ ፍርድ ሊሰጠው አይገባም።

ጠላቱ ማን ነው?

በሕይወት ባለ ጠንካራ ቀፎ ውስጥ እንጀራውን የሚጠብቁት በአሥር ሺሕ የሚቆጠሩ ንቦች ናቸው። ቀንና ሌሊት በላዩ ላይ ይመላለሳሉ፤ እንግዳ እንቁላል ያነሣሉ፤ ትል ሲያገኙ ጎትተው ያወጣሉ። እንጀራው ከቀፎ በወጣባት ሰዓት ይህ ጥበቃ ያበቃል። ከዚያ በኋላ ጠባቂው ሰው ነው፤ ሰውም ከቸለሰ ማንም አይደለም።

ክፍተቱን ለመጠቀም የሚቀድመው የሰም እሳት እራት ነው። ዝርያዎቹ ሁለት ናቸው፤ ትልቁ ጋለሪያ ሜሎኔላ፣ ትንሹ ደግሞ አክሮያ ግሪሴላ ይባላል። ጉዳት የሚያደርሰው በሌሊት የምትበርረው ግራጫ እሳት እራት ራሷ አይደለችም፤ እርሷ ካደገች በኋላ ምግብ እንኳ አትቀምስም። ሥራዋ በስንጥቅና በጠባብ ቀዳዳ ውስጥ እንቁላል መጣል ብቻ ነው። እንጀራውን የሚበላው ከእንቁላሉ የሚፈለፈለው ትል ነው። ትሉ በእንጀራው ውስጥ እየሰረሰረ ሲሄድ ከኋላው የሐር ድር ያደራል፤ ሲያድግም እስከ 28 ሚሊ ሜትር ሊደርስ ይችላል። ወደ ፑፓነት ሊለወጥ ሲል የፍሬሙን እንጨት ሳይቀር ቦርቡሮ በጎድጓዳው ውስጥ ጎጆውን ይሠራል። በዚህ ምክንያት ጉዳቱ ከሰሙ አልፎ ለፍሬሙ ይተርፋል።

የትሉ ስም ከሰም ጋር ቢያያዝም ንጹሕ ሰም ብቻውን በደንብ አያሳድገውም። ሰም ኃይል ሰጪ ስብ ነው፤ ፕሮቲን ግን የለበትም። ትሉ ለዕድገቱ የሚያስፈልገውን ፕሮቲን የሚያገኘው በእንጀራው ውስጥ ከቀረው የአበባ ዱቄትና የንብ እጮች ሲያድጉ ትተውት ከሄዱት ልባስ ነው። እጭ ያደገበት ጥቁር እንጀራ በእሳት እራት ዘንድ እጅግ የሚወደደው፣ ማር ብቻ የያዘ ነጭ እንጀራ ደግሞ በመጠኑ የሚተርፈው ስለዚህ ነው። ይህ ዕውቀት ተግባራዊ ጥቅም አለው፤ ወደ በኋላ እንመለስበታለን።

የመባዛት አቅሟንም በቀላል ሒሳብ ማየት ይቻላል። አንዲት እንስት 300 እንቁላል ጣለች እንበል። ከአሥሩ አንዱ ብቻ ቢያድግ 30 ይሆናሉ፤ ግማሾቹ እንስት ቢሆኑ 15 ናቸው። በሁለተኛው ትውልድ 225፣ በሦስተኛው 3,375 እንስቶች ይደርሳሉ። ሞቃት በሆነ አየር አንድ ትውልድ ከስድስት እስከ ስምንት ሳምንታት ውስጥ ስለሚጠናቀቅ፣ ሦስት ትውልድ ማለት ግማሽ ዓመት እንኳ አይሞላም። ስሌቱን የሚያቆመው አብዛኛውን ጊዜ የምግቡ ማለቅ ነው።

በፍትሕ ለመናገር፣ የእሳት እራቷ በተፈጥሮ ውስጥ የምታከናውነው ጠቃሚ ሥራም አለ። የአፍሪካ ንቦች ምግብ ሲያጥራቸው ወይም ሲረበሹ ጎጇቸውን ጥለው ይኮበልላሉ። የተተወውን አሮጌ እንጀራ ከነበሽታ አምጪ ተሐዋስያኑ በልታ የምታጸዳው፣ ቦታውንም ለሚቀጥለው መንጋ የምታዘጋጀው እርሷ ናት። ችግሩ እኛ ያስቀመጥነውን እንጀራ ከተተወው ለይታ አለማወቋ ነው። በሌሎችም አገሮች ዝናዋ እየናኘ መጥቷል። ፌዴሪካ ቤርቶቺኒ የተባለች በወቅቱ በስፔን ትሠራ የነበረች ተመራማሪ ከቀፎዋ የለቀመቻቸውን ትሎች በፕላስቲክ ከረጢት ስታስቀምጥ ከረጢቱ ተበሳስቶ አገኘችው፤ ከባልደረቦቿ ጋር ያደረገችውን ጥናትም እ.ኤ.አ. በ2017 አሳተመች። ከዚያ ወዲህ ትሉ ፕላስቲክን የሚሰባብርበት ኬሚስትሪ የብዙ ቤተ ሙከራዎች ጉዳይ ሆኗል። ለአናቢው ግን ትምህርቱ ቀላል ነው፤ እንቁላል ያለበትን እንጀራ በፕላስቲክ መጠቅለል ሌባን ከቤት አስገብቶ በሩን እንደ መቆለፍ ነው።

የመጽሐፉ ክረምትና የፎገራ ክረምት

ስለ እንጀራ አቀማመጥ የተጻፉ አብዛኞቹ የእርባታ መጻሕፍት የአውሮፓና የሰሜን አሜሪካ ናቸው። በዚያ ማር የሚወጣው በበጋው ማብቂያ ነው፤ ብዙም ሳይቆይ ብርዱ ይገባል። ሙቀቱ ከዜሮ በታች በወረደባቸው ወራት የእሳት እራቷ ትውልድ ይቋረጣል። አናቢው ሣጥኖቹን እሳት በማይነድበት ዕቃ ቤት ደርድሮ ሲተኛ፣ የቀረውን ሥራ በረዶው ይሠራለታል።

ፎገራ ላይ ይህን የሚሠራ በረዶ የለም። ወረታ ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ናት። ማሩ በኅዳር ከወጣ በኋላ እንጀራው እስከሚቀጥለው መስከረም ድረስ አሥር ወር ያህል ይጠብቃል። በመካከሉ ሁለት ፈተናዎች አሉ። የመጀመሪያው ከየካቲት እስከ ግንቦት ያለው ሞቃት ጊዜ ነው፤ የቀኑ ሙቀት ወደ 30 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ይጠጋል፤ ይህም ለእሳት እራቷ ዕድገት ከሚስማማት ልክ ጋር ይገጥማል። ሁለተኛው ዝናቡ ነው። በሐምሌና በነሐሴ አየሩ እርጥበት ስለሚሞላ በእንጀራው ውስጥ የቀረ የአበባ ዱቄት ይሻግታል። ሜዳው ራሱም የርብና የጉማራ ወንዞች ወደ ጣና ሲወርዱ የሚተኙበት ቦታ ነው። በ1998 ዓ.ም. ክረምት የደረሰው ታላቅ ጎርፍ እንዳሳየው፣ በመሬት ላይ የተቀመጠ ንብረት በአንድ ሌሊት ሊወሰድ ይችላል።

«ወደ ፋርጣና ወደ ደብረ ታቦር ደጋ ብንወጣ ብርዱ አይጠብቅልንም ወይ?» የሚል ጥያቄ ይነሣ ይሆናል። ቀዝቃዛ አየር የትሉን ዕድገት ያዘገየዋል፤ ሆኖም በዝግ ሣጥን ውስጥ ብዙ ትሎች በአንድነት ሲሰበሰቡ የሚያመነጩት ሙቀት የሣጥኑን ውስጥ ከውጭው አየር በላይ ያሞቀዋል። የደጋው ብርድ ብቻውን መድኅን የማይሆነው ለዚህ ነው።

በሜዳው ላይ አንድ ሌላ ለውጥም አለ። ሩዝ ከደርግ ዘመን ጀምሮ በፎገራ እየተስፋፋ የአካባቢውን ገበሬ ኑሮ ለውጧል፤ ወረታም የብሔራዊ የሩዝ ምርምርና ሥልጠና ማዕከል መቀመጫ ለመሆን በቅታለች። ይህ በረከት ነው። ነገር ግን ሩዝ በአብዛኛው ራሱን በራሱ የሚያዳቅል፣ ለንብ የሚሆን ጣፋጭ ፈሳሽ የማይሰጥ ሰብል ነው። የኑግ ማሳና የግጦሽ መስክ በሩዝ በተተካ መጠን ንቦች የሚቀስሙት አበባ ይጠባል፤ በመስኖ በሚለማው ሽንኩርትና ቲማቲም ላይ የሚረጨው ፀረ ተባይም የራሱን ጫና ይጨምራል። የአበባው ወቅት ባጠረ ቁጥር ንቦች በግንባታ የሚያባክኑት እያንዳንዱ ቀን ይበልጥ ውድ ይሆናል። ስለሆነም የተቀመጠ እንጀራ የወደፊቱ የፎገራ ንብ እርባታ መሠረት ነው ብል የተጋነነ አይመስለኝም።

ናፍታሊን ለምን አይሆንም?

ትሉ ሲታይ ብዙ ሰው የሚያስበው በልብስ ሣጥን ውስጥ የምትቀመጠውን ነጭ እንክብል፣ ናፍታሊንን ነው። እሳት እራትን ከልብስ ካባረረች ከሰምም ታባርራለች የሚለው አስተሳሰብ ምክንያታዊ ይመስላል። የኬሚስትሪ ተማሪ ግን ቆም ብሎ ሊያስብ ይገባዋል። ናፍታሊን ዋልታ የሌለው ሞለኪውል ነው፤ ሰምም በአብዛኛው ከረዣዥም የስብ አሲዶችና አልኮሎች የተሠራ፣ ዋልታ የሌለው ነገር ነው። ተመሳሳይ በተመሳሳይ ይሟሟል የሚለውን ሕግ ካስታወስን፣ ሰም የናፍታሊንን ትነት እንደ ስፖንጅ ይመጥጣል ማለት ነው። ጥጥ ልብስ ፀሐይ ላይ ቢሰጣ ሽታው ይለቅቀዋል፤ ሰም ግን ውስጡ ያሟሟውን ቶሎ አይለቅም። በመስከረም አዲስ ማር ሲሞላበት ከሰሙ ወደ ማሩ ይሸጋገራል። እንጀራው ቀልጦ እንደገና የታተመ ሰም ቢሆን እንኳ ብክለቱ አብሮት ይዞራል። ፓራዳይክሎሮቤንዚን የተባለው ዘመዱም እንዲሁ ነው፤ በአውሮፓ አናቢዎች ለዓመታት ሲጠቀሙበት ከኖሩ በኋላ ቅሪቱ በማር ውስጥ ተገኝቷል።

ይህ ከጤና ባሻገር የገበያም ጉዳይ ነው። ኢትዮጵያ በ2000 ዓ.ም. ማሯን ወደ አውሮፓ ኅብረት መላክ ከሚፈቀድላቸው አገሮች መዝገብ የገባችው የቅሪት ቁጥጥር ዕቅድ በማቅረብ ነው። ያ መዝገብ የሚጸናው በቤተ ሙከራ ምርመራ ነው፤ የጥቂት ሰዎች እንክብል የብዙዎችን በር ሊዘጋ ይችላል።

ለእህል ጎተራ የሚውለውን የፎስቶክሲን ክኒን ለእንጀራ መጠቀም ደግሞ ከዚህም የከፋ ነው። ክኒኑ እርጥበት ሲያገኝ የሚለቅቀው ፎስፊን ጋዝ ሰውን ይገድላል፤ በመኖሪያ ቤት ጓዳ ውስጥ በምንም ምክንያት ሊሞከር አይገባም።

ታዲያ ምን ይደረግ?

አበው «ሳይቃጠል በቅጠል» ይላሉ። የእንጀራ ጥበቃ የሚጀምረው ትል ከታየ በኋላ አይደለም፤ ማር በሚወጣበት ዕለት ነው። ሂደቱን በአምስት ደረጃ ማየት ይቻላል።

አንደኛው መለየት ነው። ከላይ እንደ ተመለከትነው የእሳት እራቷ ትልቁ ምግብ እጭ ያደገበት ጥቁር እንጀራ ነው። ስለዚህ በእጭ ክፍሉና በማር ሣጥኑ መካከል የንግሥት ማገጃ የሚያስገባ አናቢ፣ ሳያውቀው የእንጀራ ጥበቃውን ግማሽ ሠርቷል። ለማስቀመጥ የሚገባው ነጭና ቢጫ የማር እንጀራ ነው። የጠቆረውና ያረጀው ወዲያው ቀልጦ ሰም ሊሆን ይገባል፤ ማስቀመጡ ለእሳት እራቷ ቀለብ መቁረጥ ነው።

ሁለተኛው ማጽዳት ነው። ከመሣሪያው የወጣ ፍሬም ማር እንደ ለበሰ ቢቀመጥ ጉንዳን ይስባል፤ ይቦካል፤ የአፍሪካ ተወላጅ የሆነችውን ትንሿን የቀፎ ጢንዚዛም ይጋብዛል። ፍሬሙን ለአንድ ወይም ለሁለት ሌሊት ወደ ራሱ ቀፎ መመለስና ንቦቹ እንዲልሱት ማድረግ ይሻላል። ይህ ሲመሽ ሊደረግ ይገባል፤ በቀን ከሆነ በቀፎዎች መካከል ዝርፊያ ያስነሣል።

ሦስተኛው ድብቅ እንቁላልን መግደል ነው። ከሁሉ ንጹሕ የሆነው መንገድ ብርድ ነው። በተለመደው ማቀዝቀዣ የበረዶ ክፍል፣ ከዜሮ በታች 15 ዲግሪ ገደማ፣ እንጀራው እስከ ውስጡ ከቀዘቀዘ በኋላ የጥቂት ሰዓታት ቆይታ ከእንቁላል እስከ አዋቂ ያለውን ሁሉ ይገድላል፤ አንድ ሙሉ ቀን ማቆየት ደግሞ ጥርጣሬን ያስወግዳል። ከዚያ በኋላ በደንብ በሚዘጋ ፕላስቲክ መጠቅለል ይቻላል፤ አሁን ሌባው በውስጥ የለምና። ብርድ የቀዘቀዘ ሰምን ተሰባሪ ስለሚያደርገው ፍሬሙ ሲወጣ በጥንቃቄ መያዝ አለበት። ማቀዝቀዣ ለአንድ ገበሬ ውድ ነው፤ ለአንድ ማኅበር ወይም ለአንድ ኮሌጅ ግን በተራ የሚሠሩበት ዕቃ ሊሆን ይችላል።

ማቀዝቀዣ በሌለበት ድኝ ማጨስ የቆየ ዘዴ ነው። ድኝ ሲቃጠል የሚወጣው ሰልፈር ዳይኦክሳይድ ትሉንና አዋቂዋን ይገድላል፤ በሰም ውስጥም እንደ ናፍታሊን አይከማችም። ሁለት ነገሮች ግን መታወቅ አለባቸው። ጋዙ እንቁላልን ስለማይገድል ከሁለት ሳምንት ገደማ በኋላ መደገም ይኖርበታል። በሞለኪውል ክብደቱም 64 በመሆኑ፣ አማካይ ክብደቱ 29 ከሆነው አየር በእጥፍ ይበልጣል፤ ወደ ታች ስለሚወርድ ድኙ የሚቃጠለው በተደረደሩት ሣጥኖች አናት ላይ፣ እሳቱ ፍሬሙን በማይነካበት ባዶ ሣጥን ውስጥ ነው። ሥራው ከቤት ውጭ መሆን አለበት፤ ጋዙ ሳንባን ይጎዳልና።

አራተኛው ብርሃንና አየር ነው። የእሳት እራቷ ጨለማና ጭንቅንቅ ያለ ቦታ ትወዳለች፤ ብርሃንና ነፋስ ያለበትን ትሸሻለች። ስለዚህ ፍሬሞቹን በዝግ ሣጥን ከመደርደር ይልቅ፣ ጣሪያ ባለውና ግድግዳው በወንፊት ሽቦ በተሠራ መደብ ላይ፣ በመካከላቸው ሁለት ወይም ሦስት ሴንቲ ሜትር ትቶ መስቀል ይመረጣል። ጣሪያው በቀጥታ የሚወርደውን ፀሐይ ይከልላል፤ ሰም በ62 ዲግሪ ገደማ ይቅለጥ እንጂ ከዚያ በጣም ባነሰ ሙቀት ይለሰልሳልና። ወንፊቱ አይጥንና እንሽላሊትን ያግዳል። የመደቡ እግሮች በተቃጠለ የሞተር ዘይት በተሞላ ጣሳ ውስጥ ቢቆሙ ጉንዳን አይወጣም። ቁመቱም ከጎርፉ ደረጃ በላይ ይሁን። ለዚህ ሁሉ የሚያስፈልገው ባሕር ዛፍ፣ ጥቂት ቆርቆሮና ወንፊት ብቻ ነው።

አምስተኛው መጎብኘት ነው። በሞቃቱ ወራት እንቁላል ተፈልፍሎ ትል ለመሆን የሚፈጅበት ጊዜ ከሳምንት ያንሳል። ፍሬሞችን በየሁለት ሳምንቱ ወደ ብርሃን አንሥቶ ማየት፣ ድር የታየበትን ለይቶ ማቅለጥ ያስፈልጋል። ይህ ካልሆነ በግንቦት ሣጥኑን ከፍተን ብንደነግጥ «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ይሆናል።

ሊነሡ የሚችሉ ተቃውሞዎች

«ሰም ራሱ ገበያ አለው፤ እንጀራውን አቅልጠን ብንሸጥ ምን ይጎዳናል?» የሚሉ ይኖራሉ። ኢትዮጵያ በዓለም ከታወቁት የሰም አምራቾች አንዷ ናት፤ ጧፍ የማይነድበት ደብርም የለም፤ ገበያው እውነት ነው። ሆኖም የሰሙ ሽያጭ የሚተካው የሰሙን ዋጋ ብቻ ነው። ንቦቹ እንደገና ለመሥራት የሚበሉትን ማርና የሚያጠፉትን የመስከረም ቀናት ማንም ነጋዴ አይከፍልም። ለሽያጭ የሚገባው ያረጀው ጥቁር እንጀራ ነው።

ሌሎች ደግሞ «የጠጅ ቤቶች ማር ከነእንጀራው ስለሚገዙን ይህ ሁሉ ድካም ለማን ነው?» ይሉ ይሆናል። ከነእንጀራው ለሚሸጥ ማር ባህላዊውና የሽግግር ቀፎው በቂ ናቸው፤ ዋጋቸውም ዝቅተኛ ነው። በዚህ ላይ ነቀፋ የለኝም። የምከራከረው ውዱን ዘመናዊ ቀፎ ገዝቶ በርካሹ ቀፎ መንገድ ስለሚጠቀምበት ሰው ነው። በአገሪቱ ካሉት ቀፎዎች ከአሥሩ ዘጠኝ የማያንሱት ዛሬም ባህላዊ ናቸው። ወደ ዘመናዊው የተሻገሩት ጥቂቶች ጥቅሙን ካላዩት ሌላው ለምን ይከተላቸዋል?

ሦስተኛው ተቃውሞ ክብደት አለው፤ የአንድ ድሃ አናቢ ጊዜና ቦታ ውሱን ነው። ለዚህ መልሱ የጋራ ማስቀመጫ ነው። በአንድ ቀበሌ የሚገኙ አናቢዎች አንድ መደብ ሠርተው ፍሬማቸውን በምልክት ለይተው ቢያስቀምጡ፣ ጉብኝቱም በተራ ይሆናል።

ከተማሪዎችና ከተቋማት ምን ይጠበቃል?

በኔ እምነት ዘመናዊ ቀፎ ሲሠራጭ ከመከላከያ ልብስና ከማጨሻ ጋር የእንጀራ ማስቀመጫ መደብም የጥቅሉ አካል መሆን አለበት። የሥራ ሪፖርቶችም ከተሠራጨው ቀፎ ቁጥር ጎን «ስንት እንጀራ ወደ መስከረም ተሻገረ?» የሚል አንድ መስመር ቢጨመርባቸው፣ ብዙ የተደበቀ ኪሳራ ይገለጣል። የልማት ሠራተኞችን የሚያሠለጥነው የወረታ ግብርና ኮሌጅና በባሕር ዳር አቅራቢያ የሚገኘው የአንዳሳ የእንስሳት ምርምር ማዕከል ይህን ጉዳይ ለሜዳው አየር በሚስማማ መልኩ ለማስተማርም ለመመርመርም የቀረቡ ናቸው።

ለምርምሩ ደግሞ ውድ መሣሪያ አያስፈልግም። አርባ ፍሬም ወስደን በአራት ቡድን እንክፈላቸው። አሥሩን በዝግ ሣጥን፣ አሥሩን በጨለማ ክፍል ግን አራርቀን በመስቀል፣ አሥሩን ብርሃንና ነፋስ በሚያገኝ መደብ፣ የቀሩትን አሥር አቀዝቅዘን በፕላስቲክ በመጠቅለል እናስቀምጥ። ከታኅሣሥ እስከ ሰኔ በየወሩ እንመዝናቸው፤ የቦታውን ሙቀትም እንመዝግብ። ሁለተኛውና ሦስተኛው ቡድን ሲነጻጸሩ ከእንጀራው ጠባቂዎች የብርሃኑ ድርሻ ምን ያህል እንደ ሆነ ይነግሩናል። አንድ ሚዛን፣ አንድ ቴርሞ ሜትርና የሰባት ወር ትዕግሥት ያለው የሁለተኛ ደረጃ የሳይንስ ክበብ ሊሠራው የሚችል ሙከራ ነው፤ ውጤቱም ከጀርመን ተጽፎ በመጣ መጽሐፍ ውስጥ የማይገኝ የፎገራ ዕውቀት ይሆናል።

በቀፎ ውስጥ ያለውን እንጀራ ንቦቹ ይጠብቁታል። ከቀፎ የወጣውን የመጠበቅ ተራ የእኛ ነው። ማር ቆራጩ በኅዳር ፍሬሙን ከመሣሪያው ሲያወጣ በእጁ የያዘው የሚቀጥለውን ዓመት ማር መሆኑን ቢያስታውስ፣ በጓዳ ጥግ አይጥለውም።